ሁለት ወንድማማቾች፣ አንድ መጽሐፍ

የአንድ ተዋናይ ሕይወት ሲተረክ ቅደም ተከተሉ አብዛኛውን ጊዜ የታወቀ ነው። መጀመሪያ ትወና ይመጣል፤ ከትወናው ዝና፣ ከዝናው ገንዘብ፣ ከገንዘቡ ፕሮዲዩሰርነትና ቢዝነስ። መጨረሻ ላይ «እዚህ እንዴት ደረስኩ» የሚል አነቃቂ መጽሐፍ ይታተማል። አርኖልድ ሽዋርዜኔገር፣ ያ በየሰፈሩ ቪዲዮ ቤት «ሽዋዚንገር» እያልን ያደግንበት ሰውዬ፣ ከሩቅ ሲያዩት በዚሁ መንገድ የሄደ ይመስላል። ተዋናይ፣ ፕሮዲዩሰር፣ ነጋዴ፣ የካሊፎርኒያ ገዥ ሆኖ አሳልፎ፣ በ2023 ደግሞ «ጠቃሚ ሁን» የሚል፣ ሰባት የሕይወት መሣሪያዎችን የሚዘረዝር መጽሐፍ አወጣ። (እዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመቶች ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ጠጋ ብለው ሲያዩት ግን ነገሩ ተገልብጦ ነው የሚገኘው። ገንዘቡ ከፊልሙ ይቀድማል።

በ1947 ኦስትሪያ ውስጥ፣ ግራዝ ከተማ አጠገብ ባለች ታል በምትባል መንደር ተወለደ። በ1968፣ በ21 ዓመቱ፣ አሜሪካ ገባ። በሰውነት ግንባታ ከ1970 እስከ 1975 ሚስተር ኦሊምፒያን በተከታታይ ስድስት ጊዜ ወሰደ፤ በ1980 ሰባተኛውን ደገመ። በዚያን ጊዜ ግን ሰውነት ግንባታ እንጀራ የሚያበላ ሥራ አልነበረም። ስለዚህ ከጓደኛው ከፍራንኮ ኮሎምቡ ጋር ግንበኛ ሆኖ ይሠራ ነበር። በፌብሯሪ 1971 ሎስ አንጀለስ አካባቢ ከባድ የመሬት መንቀጥቀጥ ደርሶ ጭስ ማውጫውና አጥሩ ሁሉ ሲፈራርስ ሥራ ጎረፈላቸው። ጎን ለጎን የስፖርት መመሪያ በፖስታ ይሸጥ ነበር። ያጠራቀመውን ይዞ ሳንታ ሞኒካ ውስጥ የሚከራይ አፓርታማ ሕንፃ ገዛ። የ1970ዎቹ ካሊፎርኒያ ደግሞ የቤት ዋጋ እንደ እሳት የሚነድበት ጊዜ ነበር። «ኮናን» በ1982 ሲወጣ ሰውዬው ከቤት ንግድ ብቻ ሚሊየነር ሆኖ ነበር።

ይኼ ዝርዝር ተራ ነገር እንዳይመስላችሁ። የፊልም ሰዎች ስምህ አይያዝም፣ አነጋገርህ አይገባም፣ ሰውነትህ ከመጠን በላይ ነው ሲሉት፣ የቤት ኪራይ ለመክፈል ሲል የማይረባ ሚና መቀበል አላስፈለገውም። «አይ» ማለት የሚያስችል አቅም ነበረው። በ1988ም «ትዊንስ» ለተባለው ኮሜዲ፣ እሱና ዳኒ ዴቪቶ ከዳይሬክተሩ ጋር ሆነው ደመወዛቸውን ትተው ከገቢው ድርሻ ለመውሰድ ተስማሙ። ፊልሙ በዓለም ከ200 ሚሊዮን ዶላር በላይ አስገባ፤ አርኖልድ ከየትኛውም ፊልሙ የበለጠ ያገኘው ከዚህ እንደሆነ ይናገራል። ደመወዝን ትቶ ድርሻ መጠበቅ ግን ወር ሲያልቅ የማይጨንቀው ሰው ጨዋታ ነው። ላለው ይጨመርለታል እንዲሉ።

እንግዲህ ጥያቄዬ እዚህ ጋር ይነሳል። የተሳካለት ሰው ስለ ስኬቱ ሲጽፍ ለአንባቢው ምን ዕዳ አለበት? አንባቢውስ ለራሱ?

ሙያዬ ሶፍትዌር ነው። እኛ ሥራ ላይ አንድ ሲስተም ሲበላሽ መጀመሪያ የምናየው ሎጉን ነው፤ ሲስተሙ እየሠራ ሳለ ምን እንዳደረገ በየሰከንዱ የጻፈውን መዝገብ። ታዲያ አንድ አስቸጋሪ ጉዳይ አለ። ድንገት የሞተ ሰርቨር የመጨረሻዋን ነገር አይጽፍም። የሞተበት ምክንያት ራሱ እንዳይጽፍ አድርጎታል። የቆሙትን ሰርቨሮች ሎግ ብቻ ሰብስባችሁ «ሰርቨር እንዴት በሕይወት ይቆያል?» ብትሉ፣ የምታገኙት መልስ የተስተካከለ፣ የሚያምርና ምናልባትም የተሳሳተ ይሆናል። ምክንያቱም የወደቁትም ያንኑ ሲያደርጉ ይሆናል የወደቁት።

አነቃቂ መጽሐፎች የቆሙ ሰርቨሮች ሎግ ናቸው። ውሸት ናቸው ማለቴ አይደለም። እያንዳንዱ መስመር እውነት ሊሆን ይችላል። የጎደለው ሌላው ፋይል ነው።

አሁን እነዚህን መጽሐፎች በደንብ ካያችኋቸው ሦስት ዓይነት ዓረፍተ ነገር ታገኛላችሁ። አንደኛው «ይህን አደረግኩ» የሚል ምስክርነት ነው። ሁለተኛው «ይህ ይጠቅማል፣ ሞክረው» የሚል ምክር ነው። ሦስተኛው «ይህን ካደረግህ ትደርሳለህ» የሚል ሕግ ነው። ምስክርነቱ እውነት ከሆነ ክቡር ነው። ምክሩም ጥሩ ነው፤ አንዳንዱ ይሠራል፣ አንዳንዱ አይሠራም። ችግር ያለው ሦስተኛው ነው። ብዙ ጊዜ ደግሞ ራሱን ችሎ አይጻፍም፤ በምስክርነቱና በምክሩ መሃል ሾልኮ ይገባል።

የመጀመሪያ ዓመት ኢንጂነሪንግ ተማሪ አስፈላጊ ሁኔታና በቂ ሁኔታ የተለያዩ መሆናቸውን ይማራል። በእኛ ቋንቋ ደግሞ ሳንማርም እናውቀዋለን። «ሳይዘሩ ማጨድ የለም» ማለት አንድ ነገር ነው። «የዘራ ሁሉ ያጭዳል» ማለት ግን ሌላ ነው። የመጀመሪያውን ማንም ገበሬ ይነግራችኋል። ሁለተኛውን ግን ገበሬ ፊት ብትሉት በትህትና ፈገግ ይልላችኋል እንጂ አያምናችሁም። በ2019 እና በ2020 የአንበጣ መንጋ የደረሰ ማሳ ላይ ሲያርፍ ያየ ሰው ይህን ዓረፍተ ነገር ከአፉ አያወጣም።

ከአርኖልድ ሕይወት ራሱ ማስረጃ መጥቀስ ይቻላል። በ1993 «ላስት አክሽን ሂሮ» የተባለውን ፊልም ዋና ተዋናይም ኤክስኪዩቲቭ ፕሮዲዩሰርም ሆኖ ሠራ። በዓለም ላይ ከእሱ በላይ ታዋቂ የአክሽን ተዋናይ አልነበረም። ራእዩ ግልጽ ነበር፤ ሥራው ከባድ ነበር፤ ማስታወቂያው ደግሞ በገፍ ነበር። ፊልሙ የወጣው «ጁራሲክ ፓርክ» በወጣ በሳምንቱ ነው። ሰው ሁሉ ዳይኖሰር ለማየት ተሰለፈ፣ የእሱ ፊልም ደግሞ የሚጠበቅበትን ሳያስገባ ቀረ። በ1991 ከሲልቬስተር ስታሎንና ከብሩስ ዊሊስ ጋር ስሙን የሰጠው የፕላኔት ሆሊውድ ምግብ ቤትም በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ሕዝብ ሲጎርፍበት ቆይቶ በ1999 ከአበዳሪዎቹ የኪሳራ ጥበቃ ጠየቀ። ሰውዬው ያው ሰውዬ ነው፤ መሣሪያዎቹም ያው መሣሪያዎች ናቸው። ውጤቱ ግን የተለየ። መሣሪያው በቂ ቢሆን ኖሮ ይኼ አይሆንም ነበር።

ከዚህ ሁሉ የሚከብደው ማስረጃ ግን የፊልም ሳይሆን የቤተሰብ ነው።

አርኖልድ ማይንሃርት የሚባል በአንድ ዓመት የሚበልጠው ወንድም ነበረው። ሁለቱም ያደጉት አንድ ቤት፣ በአንድ አባት እጅ ነው። አባታቸው ፖሊስ ነበር። በናዚ ጀርመን ሠራዊት ዘምቶ ቆስሎ የተመለሰ፣ የሚጠጣ፣ ልጆቹን የሚመታና አንዱን ከሌላው ጋር የሚያፎካክር ሰው ነበር። የዚያ መጽሐፍ ርዕስ፣ «ጠቃሚ ሁን» የሚለው፣ የእኚሁ አባት ቃል ነው። አንድ አባት፣ አንድ ቤት፣ አንድ ምክር፣ ሁለት ልጆች። አንደኛው ሻንጣውን ይዞ አሜሪካ ገባ። ሌላው በ1971 ጠጥቶ ሲያሽከረክር በመኪና አደጋ ሞተ፤ ገና 24 ዓመቱ ነበር። በ2023 በወጣው ባለ ሦስት ክፍል ዶክመንተሪ ላይ አርኖልድ ራሱ እሱን ያጠነከረው አስተዳደግ ወንድሙን እንዳጠፋው ይናገራል።

እስቲ እዚህ ላይ ቆም እንበል። ያ የመሬት መንቀጥቀጥ ለአርኖልድ ሥራ ያመጣበት ዓመትና ማይንሃርት የሞተበት ዓመት አንድ ነው፤ 1971። ስለዚያ አባት ሁለት መጽሐፍ ሊጻፍ ይችል ነበር። አንደኛው «ጭካኔ ያጠነክራል» ይላል፤ ሌላው «ጭካኔ ይገድላል» ይላል። እኛ እጅ የገባው የመጀመሪያው ብቻ ነው፤ የሁለተኛው ደራሲ ለመጻፍ አልቆየም።

በዚያው በ1971 አሜሪካዊው ፈላስፋ ጆን ሮልስ «የፍትሕ ንድፈ ሐሳብ» የተባለውን ትልቅ ሥራውን አሳተመ። ሮልስ እዚያ ውስጥ ብዙ ሰው የማይወደውን ሐሳብ ያነሳል። ተሰጥኦ በዕድል እንደሚገኝ ሁላችንም እንቀበላለን፤ ጥረትን ግን የራሳችን አድርገን እንቆጥራለን። ሮልስ የመጣር ፈቃደኝነታችን ራሱ የተወለድንበት ቤትና ኅብረተሰብ ውጤት ነው ይላል። ጠዋት አሥራ አንድ ሰዓት ተነስቶ የሚሮጥ ሰው፣ መሮጥ የሚያስችለውን ልብ ከየት አመጣው? ይህን ጥያቄ እስከ መጨረሻው ከገፋነው «እኔ» የምንለው ነገር በሙሉ ተሸርሽሮ ሊያልቅ ይችላል። እስከዚያ መሄድ አልፈልግም። ግን ጥያቄውን ሰምቶ እንዳልሰማ ማለፍም አይቻልም።

ይኼ ሁሉ ለምን ያሳስበኛል? አንድ ጓደኛዬ ስላለ። ዩኒቨርሲቲ አንድ ዶርም ነበርን፤ እሱ ሲቪል ኢንጂነሪንግ ነው የጨረሰው። ሥራ አጥቶ ሁለት ዓመት ከተንከራተተ በኋላ ቲሸርት የማተም ሥራ ጀመረ። ጎበዝ ነበር፤ ደንበኛም አገኘ። ቀለሙም ጨርቁም ከውጭ የሚገባ ነው። በጁላይ 2024 የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ፣ 57 ብር አካባቢ የነበረው ዶላር በጥቂት ሳምንታት ከ100 ብር አለፈ። ጓደኛዬ በድሮው ዋጋ ትእዛዝ ተቀብሎ ቀብድ በልቷል። በአዲሱ ዋጋ ዕቃ ገዝቶ ሠርቶ አስረከበ፤ ቃሌን አላጥፍም ብሎ። ከዚያ ሥራው ቆመ።

ይኼ ልጅ አነቃቂ መጽሐፍ ያነባል፤ ዩቲዩብ ላይ ያዳምጣል። አንድ ቀን ቡና እየጠጣን ምን አለኝ? «ችግሩ እኔ ጋ ነው። ከልቤ ብፈልገው ኖሮ ይሳካ ነበር።» ስለ ዶላሩ አላነሳም። እንዲያነሳ ስጎተጉተው «ምክንያት መደርደር አልፈልግም» አለኝ። ምክንያት መደርደር የተሸናፊ ሰው ጠባይ ነው ተብሎ ተነግሮታላ! እዚህ ላይ ነው ሦስተኛው ዓረፍተ ነገር ጉዳቱ የሚታየው። «ይህን ያደረገ ይደርሳል» የሚለውን ከተቀበላችሁ፣ «ያልደረሰ አላደረገም» የሚለውን ሳትወዱ በግድ ትቀበላላችሁ። በሎጂክ ሁለቱ አንድ ናቸው። በሰው ቁስል እንጨት መስደድ ማለት ይኼ ነው፤ ልዩነቱ እንጨቱን የያዘው ባለ ቁስሉ ራሱ መሆኑ ነው።

ጣጣው በራስ ላይ በመፍረድም አያበቃም። መንገድ ዳር የተቀመጠን ሰው አይቶ «ጠንካራ ቢሆን ይሠራ ነበር» ማለት የዚያው ዓረፍተ ነገር ሌላኛው ጫፍ ነው። ልብ ካላችሁ፣ ርኅራኄ የሚደርቀው በክፋት ብቻ አይደለም፤ በስህተት ሎጂክም ይደርቃል።

ተቃውሞ እንዳለ አውቃለሁ። «እሺ፣ ውሸትም ቢሆን ይጠቅማል። ለወጣት ዕድልህ ጠባብ ነው ብትለው ጭራሽ አይጀምርም። ሁሉም በእጅህ ነው ብለህ ብትልከው ይሻላል።» ይኼ ቀላል ክርክር አይደለም። ብዙ ነገር የተጀመረው ጀማሪው አደጋውን በትክክል ስላልገመተ ነው። አርኖልድም የታል መንደር ልጅ የሆሊውድ ዋና ተዋናይ የመሆን ዕድሉ ስንት እንደሆነ አስልቶ ቢሆን ኖሮ ዛሬም እዚያው ግራዝ ይሆናል።

የእኔ መልስ እንዲህ ነው። ጥረትን በውሸት ላይ ማቆም ግድ አይደለም፤ ገበሬው አላቆመውማ። ዝናብ በእጁ እንዳልሆነ አሳምሮ ያውቃል፤ ሆኖም ሰኔ ሲመጣ በሬዎቹን ጠምዶ ይወጣል። ዝናቡ ሲቀርበት ያዝናል፣ ይራባልም፤ ግን «በደንብ ስላልፈለግኩት ነው» ብሎ ራሱን አይረግምም። ጎረቤቱንም «ሰነፍ ስለሆንክ ነው በረዶ የመታህ» አይለውም። ሄዶ ይደቦለታል እንጂ። እዚህ ውስጥ ማንም አነቃቂ መጽሐፍ ካየሁት በላይ የበሰለ ፍልስፍና አለ። ሥራውን ከውጤቱ ሳይነጥል፣ ጥፋቱን ግን ከውጤቱ ይነጥላል።

በሌላ አነጋገር ሁለት አቅጣጫዎች አሉ። ወደ ፊት ስናይ፣ ገና ያልተወሰነ ነገር ፊት ስንቆም፣ ጥያቄው «እኔ ምን ማድረግ እችላለሁ?» ነው። እዚያ ላይ ዕድልን ማስላት ሥራ ከመፍታት ሌላ የሚያመጣው የለም። ወደ ኋላ ስናይ ግን፣ ነገሩ ካለቀ በኋላ፣ ጥያቄው ይቀየራል፤ «የማን የማን እጅ ነበረበት?» ይሆናል። የአነቃቂ ጽሑፍ ስህተት የወደ ፊቱን መልስ ወስዶ ለወደ ኋላው ጥያቄ መስጠቱ ነው። ስንነሳ የሚያበረታን ቃል፣ ስንወድቅ ፍርድ ይሆንብናል።

ለአርኖልድ ፍትሐዊ ለመሆን፣ ይህን ከብዙዎቹ ይልቅ እሱ ያውቀዋል። በ2017 በሂውስተን ዩኒቨርሲቲ የምረቃ ንግግሩ ላይ፣ የፈለጋችሁትን በሉኝ እንጂ ራሱን በራሱ የሠራ ሰው አትበሉኝ የሚል መልእክት አስተላለፈ። ወደ አሜሪካ ያመጣውን ጆ ዊደርን አነሳ። በመጀመሪያው የምስጋና ቀን ባዶ አፓርታማው ድረስ ትራስና ሳህን ተሸክመው የመጡለትን የጂም ጓደኞቹን አነሳ። የመጽሐፉ የመጨረሻ ምዕራፍም የአማቱን የሳርጀንት ሽራይቨርን ምክር ይዞ የቀረበ ነው፤ ራሳችሁን ብቻ የምታዩበትን መስታወት ሰብራችሁ ከጀርባው ያለውን ሰው ተመልከቱ ይላል። ሽራይቨር የሰላም ጓድ የመጀመሪያ ዳይሬክተር ነበር። ከ1962 ጀምሮ አገራችን የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ገብተው ያስተማሩት «ፒስ ኮሮች» እሱ በመራው ድርጅት በኩል የመጡ ናቸው። አያቶቻችን ውስጥ እንግሊዝኛን ከእነሱ የተማረ ቀላል አይደለም፤ ከእነሱ አንዱም ቢሆን «ራሴን በራሴ አስተማርኩ» ሲል አልሰማሁም።

ይሁን እንጂ አንድ ምዕራፍ ምስጋና ስድስት ምዕራፍ ትእዛዝን አያስተካክልም። አንባቢ የሚይዘው ትእዛዙን ነው። ስለዚህ የተሳካለት ጸሐፊ ዕዳ አለበት ካልን፣ ዕዳው ሦስት ይመስለኛል። አንደኛ፣ ያው መሣሪያ ያልሠራበትን ቦታ ከሠራበት እኩል ማሳየት። ሁለተኛ፣ ዋጋውን ማን እንደከፈለ መናገር፤ በ2011 በራሱ ጥፋት ትዳሩ ሲፈርስ ዋጋውን የከፈሉት ሚስቱና ልጆቹ ነበሩ። ሦስተኛ፣ ማይንሃርትን አለመርሳት። ማለትም በተመሳሳይ መንገድ ጀምሮ መጻፍ ያልቻለውን ሰው ቢያንስ በአንድ ገጽ ቦታ መስጠት። አርኖልድ የወንድሙን ትንሽ ልጅ በትምህርቱ ረድቶ አሳድጓል። እንደ እኔ ከሰባቱ መሣሪያዎች ሁሉ «ጠቃሚ ሁን» የሚለው ቃል ሙሉ ትርጉም ያገኘው እዚያ ጋ ነው።

እኛስ አንባቢዎቹ? መጽሐፉን አትጣሉት። ምስክርነቱን ስሙ፣ ምክሩን ሞክሩ፣ ሕጉን ግን ሰርዙት።

ስለ ቋንቋችን አንድ ነገር ልጨምር። «ጠቃሚ ሁን» ትእዛዝ ነው፤ ሸክሙን በሙሉ በሚሰማው ሰው ጫንቃ ላይ ይጥላል። እኛ ቤት ሽማግሌ ወጣትን ሲመርቅ «ለቁም ነገር ያብቃህ» ነው የሚለው። «ብቃ» አይልም፣ «ያብቃህ» ነው። ግሡ ውስጥ ሌላ እጅ አለ፤ ሃይማኖተኛ የሆነ የፈጣሪን እጅ ያይበታል፣ ያልሆነም የዝናቡን፣ የመምህሩን፣ ትራስ ይዞ የመጣውን ጓደኛ እጅ ሊያይበት ይችላል። ተመራቂውም «አሜን» ብሎ ቁጭ አይልም፤ ተነስቶ ወደ ሥራው ይሄዳል።

ለዚያ ጓደኛዬ ሰሞኑን ያልኩት ይህንኑ ነው። ዶላሩን አንተ አልጨመርክም፤ ቃልህን ግን አንተ ነህ የጠበቅከው። የትኛው የአንተ እንደሆነ ለይተህ ያዝ። የማተሚያ ማሽኑ እስካሁን አልተሸጠም። ለመስከረም የትምህርት ቤት ዩኒፎርም ለመሞከር አስቧል፤ ዋጋ ማስላቱን አብረን ጀምረናል።